ሸራውና ሸክላው

ዶ/ር ኤልሳቤጥ ወልደ ጊዮርጊስ እ.ኤ.አ. በ2019 በእንግሊዝኛ ያሳተሙትን የኢትዮጵያ ዘመናዊ ሥነ ጥበብ ታሪክ ያነበብሁት እንደ ቆቦ ሰው ነው። መጽሐፉ ከሃያኛው ክፍለ ዘመን መባቻ ተነሥቶ እስከ 2015 ይዘልቃል፤ ዐቢይ ሙግቱም ዘመናዊነታችን የአውሮፓ ግልባጭ አይደለም የሚል ነው። ገብረ ክርስቶስ ደስታንና እስክንድር ቦጎሲያንን ከዘመናቸው ፖለቲካ ጋር አያይዘው ሲተነትኑ ብዕራቸው ይሰላል። በዚህ እጄን እሰጣለሁ።

የመጽሐፉ ዐይን ግን በአመዛኙ አዲስ አበባ ላይ ነው። ታዲያ ወለቃስ?

ከጎንደር በስተ ሰሜን ባለችው በዚህች መንደር የቤተ እስራኤል ሴቶች ሸክላ ይሠሩ፣ ወንዶቹ ብረት ይቀጠቅጡ ነበር። ርስት የተነፈገ ሕዝብ በእጁ ሥራ አደረ፤ ያው እጁም «ቡዳ» አሰኘው። በሃያኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ የውጭ አገር ጎብኚ ሲበዛ ሴቶቹ ከጀበናና ከምጣድ አልፈው ትንንሽ ምስሎችን ማበጀት ያዙ፤ አንበሳ፣ ሰሎሞንና ንግሥተ ሳባ በአንድ አልጋ፣ የዳዊት ኮከብ። «ለፈረንጅ ገበያ የተሠራ ነው» እያሉ የሚያጣጥሉ አሉ። ለመሆኑ ሸራውስ ለማን ሲሸጥ ኖሯል? ከሩቅ የመጣው አይሁዳዊ «ዘመዴ ነሽ» ሲላት፣ ሴቲቱ ያንን ዝምድና በራሷ ጭቃ መልሳ ቀረጸችው። በዶ/ር ኤልሳቤጥ መለኪያ ከሄድን ዘመናዊ ማለት ይኸው ነው።

እኛም ራያ ቆላ ነገሩን እናውቀዋለን፤ ጀበናዋን እንገዛለን፣ ከሠሪዋ ጋር መጋባት ግን አንሻም። ከቆቦ በስተ ደቡብ፣ በወልድያ እ.ኤ.አ. በ1953 የተወለዱት ሠዓሊ ታደሰ መስፍን የጉልት ሴቶችን እንደ ምሰሶ አቁመው ይሥላሉ፤ ሥዕሎቻቸውም ለንደን ድረስ ታይተዋል። ደስ ይለኛል። ነገር ግን ሻጯ በሸራ ላይ ሆና ጋለሪ ስትገባ፣ ሸክላ ሠሪዋ «የእጅ ሙያ» ተብላ በር ላይ ትቀራለች።

እ.ኤ.አ. በግንቦት 1991 በዘመቻ ሰሎሞን ከ14 ሺህ የሚበልጡ ቤተ እስራኤላውያን አንድ ቀን ተኩል ባልሞላ ጊዜ ወደ እስራኤል ተወሰዱ። ወለቃ ላይ ጭቃውን ክርስቲያን ጎረቤቶቻቸው ተረከቡት። ቀጣዩን ጥናት የምጠብቀው ከሠሪዎቹ ዘንድ ሄዶ፣ በሕይወት ሳሉ ማን ምን እንዳበጀ ከሚጠይቅ የሥነ ጥበብ ታሪክ ምሁር ነው። ከአንድ ምስል ሥር «የፈላሻ ሸክላ» ተብሎ ቢጻፍ የሴቲቱን ስም አይነግረኝም።