ጀርባ የሰጠነው ግድግዳ

መጽሐፍ ሲታተም ደራሲውን እንተቻለን። ቴአትር ሲታይ አዘጋጁንም ተዋናዩንም አንምርም። የሥዕል ዐውደ ርዕይ ሲከፈት የሠዓሊው ብሩሽ በረታ፣ ደከመ እያልን እንከራከራለን። አንድ ባለሙያ ግን ከሃያሲ ዐይን ተሰውሮ ይኖራል፤ አስጎብኚው። ላሊበላም ይሁን ጎንደር፣ ሮማም ይሁን ፓሪስ፣ ብዙው ሰው ታላላቅ የጥበብ ሥራዎችን የሚያየው በአስጎብኚ አፍ በኩል ነው። ከየትኛው ሥራ ፊት እንደምንቆም፣ ስንት ደቂቃ እንደምንቆም፣ ቆመንም ምን እንደምናስብ የሚወስንልን እሱ ነው። ይመርጣል፤ ያሳጥራል፤ ያስረዝማል፤ አንዱን ያስቀድማል፣ ሌላውን ያስከትላል። ይህ ደግሞ የደራሲ ሥራ ነው። እንግዲያው እንደ ደራሲ ሊተች ይገባዋል ባይ ነኝ።

ለዛሬው ሂስ የመረጥኩት ‹‹ድርሰት›› በፓሪሱ የሉቭር ሙዚየም የተደረገ የሁለት ሰዓት ጉብኝት ነው። በሥራ ጉዳይ ወደዚያች ከተማ ሄጄ ሳለሁ ከአንድ የግል ድርጅት በትንሽ ቡድን የሚካሄድ ጉብኝት ገዛሁ። ስምንት ሰዎች ነበርን። አስጎብኚያችን በሃምሳዎቹ ዕድሜ የሚገኙ፣ እንግሊዝኛቸው የጠራ፣ ድምፃቸው የለሰለሰ ሴት ነበሩ። የድርጅቱንም ሆነ የእርሳቸውን ስም አላነሣም፤ ጉዳዬ ከሙያው ጋር ነውና።

በቅድሚያ ለአስጎብኚ የሚገባውን ፍርድ እንስጥ። ሉቭር የነገሥታት ቤተ መንግሥት ነበር፤ ሙዚየም ሆኖ ለሕዝብ የተከፈተው በአብዮቱ ዘመን፣ በ1793 ነው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ለእይታ የቀረቡት ሥራዎች ከ30 ሺህ ይበልጣሉ። ለእያንዳንዳቸው አንዳንድ ደቂቃ ብቻ እንስጥ ብንል እንኳ 500 ሰዓት ይፈጃል፤ በቀን 8 ሰዓት ብንዞር ሁለት ወር አለፍ ይላል። ታዲያ ሁለት ሰዓት ብቻ ያለው ሰው ምን ያድርግ? መምረጥ ግድ ነው። ስለዚህ ‹‹ይህን ለምን ዘለሉት?›› ብሎ አስጎብኚን መክሰስ፣ ደራሲን ‹‹ልብ ወለድህ ውስጥ አክስቴ ለምን የለችም?›› ብሎ እንደ መክሰስ ነው። መጠየቅ ያለበት፣ የተመረጠው እንዴት ቀረበ የሚለው ነው።

በዚህ ሚዛን የጉብኝቱ የመጀመሪያ አጋማሽ ግሩም ነበር። አስጎብኚያችን ዳሩ ከሚባለው ሰፊ ደረጃ ግርጌ አቆሙን። ከደረጃው ራስ ላይ የሳሞትራስ ድል የምትባለው ክንፋማ የእብነ በረድ ሐውልት ትታያለች። ከክርስቶስ ልደት በፊት 200 ዓመት ገደማ የተቀረጸች የግሪኮች የድል አምላክ ናት፤ ራስም ክንድም የላትም። አስጎብኚያችን ዘመኗን አልነገሩንም። ስለ ቀራጺዋም ትንፍሽ አላሉም። ‹‹ነፋሱ የሚነፍሰው ከየት በኩል ነው?›› ብለው ጠየቁንና ዝም አሉ።

ያ ዝምታ ትልቅ ሙያ ነበር። ስምንታችንም ቀና ብለን ነፋስ ፍለጋ ጀመርን። ደረጃውን ቀስ እያልን ስንወጣ፣ ከሆዷ ላይ የተለጠፈው ስስ ልብስ፣ በእግሮቿ መካከል የተጠቀለለው ጨርቅ፣ ወደ ኋላ የተዘረጉት ክንፎች አንድ ነገር ይነግሩን ጀመር። በመርከብ አፍንጫ ላይ ቆማለች፤ ነፋሱም ከፊት ለፊቷ፣ ከባሕሩ ይመጣል። ታሪኩ የተነገረን ካየን በኋላ ነው። በ1863 ሻርል ሻምፗዞ የተባለ ፈረንሳዊ ዲፕሎማት ከሳሞትራስ ደሴት አስቆፍሮ እንዳወጣት፣ ቀኝ ክንፏም የግራው ተገልብጦ በጄሶ የተሠራ መሆኑን ሰማን። ከመካከላችን አንዱ ወጣት ‹‹ታዲያ አንዱ ክንፍ ውሸት ነዋ!›› አለ። ‹‹አሁን ከቅድሙ አነሰችብህ?›› አሉት። አላነሰችም። እንዲያውም ሁለቱን ክንፎች ለማስተያየት ሁላችንም እንደገና ቀና አልን። እውነቱን መስማታችን ዐይናችንን አተጋው እንጂ አላሰነፈውም።

ነገሩ የተበላሸው ሞናሊዛ ካለችበት ክፍል ስንደርስ ነው። 77 በ53 ሳንቲ ሜትር የሆነች፣ በእንጨት ጣውላ ላይ የተሣለች ትንሽ ሥዕል ከመስተዋት ጀርባ ተቀምጣለች፤ ከፊቷ እንደ ገና ዋዜማ ገበያ የተጨናነቀ ሕዝብ ስልኩን ከራሱ በላይ አንሥቶ ይጋፋል። በዚያ ትርምስ መካከል ስለ ፈገግታዋና ስለ ጥላው አጣጣል ማስተማር እንደማይቻል አስጎብኚያችን ያውቃሉ። ስለዚህ በጆሯችን ባጠለቅነው ማዳመጫ ሌላ ወግ ጀመሩልን፤ የስርቆቱን ወግ።

ወጉ እውነተኛ ነው። በኦገስት 1911 ቪንቼንዞ ፔሩጂያ የተባለ፣ ቀደም ሲል በሙዚየሙ ውስጥ ሠርቶ የሚያውቅ ጣሊያናዊ ሥዕሏን ከግድግዳ አውርዶ ይዟት ወጣ። ሁለት ዓመት ያህል ፓሪስ ውስጥ በሚኖርባት ክፍል ደበቃት። በዲሴምበር 1913 ፍሎረንስ ላይ ለአንድ የጥበብ ዕቃ ነጋዴ ሊያስረክባት ሲል ተያዘ። የሰጠው ምክንያት ሥዕሏን ለአገሩ ለጣሊያን መመለስ ነበር። አስጎብኚያችን አሳቁን። ሊዮናርዶ ራሱ ሥዕሏን ወደ ፈረንሳይ ይዟት እንደሄደ፣ በ1519 እዚያው እንደሞተና እሷም በንጉሥ ፍራንሷ ቀዳማዊ እጅ እንደገባች አስረድተው የሌባውን መከራከሪያ ውድቅ አደረጉት። ትክክል ናቸው። ወጉ አምስት ደቂቃ ያህል ወሰደ፤ ‹‹ሌባው››፣ ‹‹የተሰረቀችው›› የሚሉት ቃላት በጆሯችን ደጋግመው አቃጨሉ።

ይህ ሁሉ ሲሆን ጀርባ በሰጠነው ግድግዳ ላይ በሙዚየሙ ካሉት ሥዕሎች ሁሉ ትልቁ ተሰቅሏል። ቁመቱ 6.77፣ ወርዱ 9.94 ሜትር ነው። ርእሱ ደግሞ ለእኛ እንግዳ አይደለም፤ በየዓመቱ በጥምቀት ማግስት፣ ጥር 12 ቀን የሚከበረው ቃና ዘገሊላ ነው። ሠዓሊው ፓውሎ ቬሮኔዜ የገሊላውን ሠርግ የ16ኛው ክፍለ ዘመን የቬኒስ ባለጠጎች ድግስ አድርጎታል። ክርስቶስ ከመካከል ተቀምጧል፤ ዙሪያውን ከመቶ የሚበልጡ ሰዎች ይበላሉ፣ ይጠጣሉ፣ ሙዚቃ ይጫወታሉ፤ በአንድ በኩል አሳላፊው ከጋኑ ወይን ይቀዳል።

አስጎብኚያችን ወደ በሩ እየመሩን በእጃቸው ጠቆም አደረጉና ‹‹ይህ ደግሞ የሙዚየሙ ትልቁ ሥዕል ነው›› አሉ። ከቡድናችን አንዲት አዛውንት ‹‹ከቬኒስ እዚህ እንዴት ደረሰ?›› ሲሉ ጠየቁ። ‹‹በናፖሊዮን ዘመን መጣ›› የሚል መልስ ተሰጣቸው። ጉዟችንን ቀጠልን።

መጣ! የሂሴ ፍሬ ነገር ያለው በዚህች ግስ ውስጥ ነው። ሥዕል እግር የለውም። ከሙዚየሙ የወጣው ሥዕል ‹‹ተሰረቀ››፤ ወደ ሙዚየሙ የገባው ሥዕል ግን ‹‹መጣ››። የመጀመሪያው ድርጊት አድራጊ አለው፤ ስሙ፣ ዜግነቱ፣ የተያዘበት ከተማ ሳይቀር ይተረካል። የሁለተኛው አድራጊ የለውም።

የመጣበት መንገድ እንዲህ ነው። ሥዕሉ በ1562 ታዝዞ በ1563 የተጠናቀቀው በቬኒስ ለሳን ጆርጆ ማጆሬ ገዳም ነው። የተሰቀለውም ታዋቂው የሕንፃ ጥበብ ሰው አንድሪያ ፓላዲዮ በነደፈው የመነኮሳቱ የመመገቢያ አዳራሽ ውስጥ ነበር። እዚያ ከ230 ዓመት በላይ ኖረ። በ1797 የናፖሊዮን ጦር ቬኒስን ሲይዝ ወታደሮቹ አወረዱት፤ ግዝፈቱ ለጉዞ ስላላመቸ ሸራውን ቆርጠው ጠቀለሉት፤ ፈረንሳይ ሲደርስ ተሰፋ። ናፖሊዮን በ1815 ከወደቀ በኋላ እንዲህ ከተወሰዱት ሥራዎች ብዙዎቹ ለየአገራቸው ሲመለሱ፣ ይህ ግን ጉዞ አይችልም ተብሎ ቀረ፤ በለውጡ የፈረንሳዊው የሻርል ለ ብሩን ሥዕል ለቬኒስ ተሰጠ። በ2007 በዲጂታል መሣሪያ የተሠራ፣ መጠኑን የጠበቀ ቅጂ በቀድሞው አዳራሽ ግድግዳ ላይ ተሰቀለ።

‹‹ይህማ ፖለቲካ ነው፤ ሰው ሙዚየም የሚሄደው ሥዕል ሊያይ ነው›› የሚለኝ አንባቢ ይኖር ይሆናል። አልስማማም። የት እንደነበረ ካላወቅን ሥዕሉን በቅጡ አናየውም። ቬሮኔዜ ይህን ማዕድ የሣለው ማዕድ ለቀረቡ ሰዎች ነው። መነኮሳቱ በሥርዓታቸው መሠረት በአርምሞ እየተመገቡ ቀና ሲሉ ሌላ ማዕድ ከበላያቸው ያያሉ። ከታች ዝምታ፣ ከላይ ሙዚቃ፤ ከታች ምናኔ፣ ከላይ ድሎት። ይህ ተቃርኖ የሥዕሉ ትርጉም አንድ ክፍል ነው፤ ግድግዳው ሲቀየር ተቃርኖው ይጠፋል። ስለ ሐውልቷ ‹‹ነፋሱ ከየት ነው?›› ብለው የጠየቁን ሴት፣ እዚህም ‹‹ከዚህ ሥዕል ሥር ማን ይበላ ነበር?›› ቢሉን ኖሮ ስምንታችንም ጀርባችንን ከግድግዳው ባዞርን ነበር። ይህ ግማሽ ደቂቃም አይፈጅም።

ጊዜ አጠረ እንዳይባል ለፔሩጂያ አምስት ደቂቃ ተገኝቷል። የጎብኚ ደስታ እንዳይደፈርስ ነው እንዳይባል የጄሶው ክንፍ አላደፈረሰውም። እንደኔ እንደኔ ምክንያቱ ልማድ ነው። አስጎብኚ ራሱን እንደ እንግዳ ተቀባይ ይቆጥራል፤ እንግዳ ተቀባይ ደግሞ የቤቱን ገበና አያወጣም። ጨዋነቱ ይገባኛል። ነገር ግን እንግዳ መቀበልና ማስተማር ሁለት ሥራዎች ናቸው፤ እኛ የከፈልነው ለማስተማሩ ነበር።

ነገሩ ለእኛ ለኢትዮጵያውያን ሩቅ እንዳይመስል። በዚያው በሴን ወንዝ ዳር፣ ከኤፍል ማማ አጠገብ፣ በ2006 የተከፈተው የኬ ብራንሊ ሙዚየም አለ። የጎንደር የአባ እንጦንስ ቤተ ክርስቲያን ሥዕሎች የሚገኙት እዚያ ነው። በማርሴል ግሪዮል የተመራውና ከ1931 እስከ 1933 ከዳካር እስከ ጅቡቲ የተጓዘው የፈረንሳይ የጥናት ቡድን በ1932 ጎንደር ላይ ሥዕሎቹን ከግድግዳቸው አንሥቶ ወሰዳቸው፤ የቡድኑ ሠዓሊ ጋስቶን ሉዊ ሩ በሣላቸው ቅጂዎችም ተኳቸው። አወሳሰዱ እንደ ቬኒሱ በጦር ኃይል አልነበረም፤ ከቤተ ክርስቲያኑ ሰዎች ጋር ድርድር ተደርጎበታል። ልዩነቱን መካድ አይገባም። ቢሆንም ውጤቱ ተመሳሳይ ነው፤ ዋናው ፓሪስ፣ ቅጂው እቤቱ። በዚያ ክፍል የሚቆም አስጎብኚ ‹‹መጡ›› ይበል ‹‹ተወሰዱ›› ለእኛ ግድ ይለናል።

ግድ ካለን ደግሞ የራሳችንንም ግስ እንመርምር። በ1868 የእንግሊዝ ጦር መቅደላ ላይ ስላደረገው ስንናገር ግሳችን የማያሻማ ነው፤ ‹‹ዘረፈ›› እንላለን፤ ልክ ነው። ነገር ግን ከዚያ ሀብት ብዙው ዐፄ ቴዎድሮስ ከጎንደር አብያተ ክርስቲያናት ያስወሰዱት ነበር፤ በ1866 ከተማዋን ያስዘረፉትም ያቃጠሉትም እርሳቸው ናቸው። ይህን ስናወራ ግሳችን ይለሰልሳል፤ መጻሕፍቱ መቅደላ ላይ ‹‹ተሰበሰቡ›› እንላለን። የእኛም ‹‹መጣ›› ይህ ነው።

እናም ፍርዴ ይህ ነው። አስጎብኚያችን ዐይን መክፈት የሚችሉ አስተማሪ መሆናቸውን በደረጃው ላይ አስመስክረዋል። ያን ችሎታ ሞናሊዛ ክፍል ውስጥ ለወግ ሠዉት። ጉብኝቱን ለወዳጄ ብመክር እመክራለሁ፤ ከነጥያቄው ግን ይሂድ። እንደዚያች አዛውንት ‹‹እንዴት ደረሰ?›› ይበል፤ ‹‹መጣ›› ሲባልም ‹‹ማን አመጣው?›› ብሎ ይድገም።