ከነገለፈቱ ነው ወይስ ተፈልፍሎ?

ፎገራ ላይ የሩዝ ምርት ስንለካ ከማሳው 4 ሜትር በ4 ሜትር ከልለን እናጭዳለን፣ ወቅተንም እንመዝናለን። ከዚያች 16 ካሬ ሜትር 6 ኪሎ ከወጣ በ625 ይባዛል፤ በሄክታር 37 ኩንታል ተኩል መሆኑ ነው። ይህ ቁጥር ከወረታ ተነስቶ አዲስ አበባ ይደርሳል፤ ከዚያም ከግብፅና ከቬትናም ጎን ይሰለፋል። እኔን የሚያሳስበኝ እዚያ ሰልፍ ላይ የሚደርስበት ነው።

የዓለም ምግብና እርሻ ድርጅት ሩዝን የሚመዘግበው ከነገለፈቱ ነው። የአሜሪካ እርሻ ሚኒስቴር ግን የየአገሩን ምርት የሚያወጣው በተፈለፈለ ሂሳብ ነው። ከ100 ኪሎ 65 ኪሎ ንጹሕ ሩዝ ቢወጣ የኛ 37 ተኩል ወደ 24 ይወርዳል። ገበሬው ሳይሰንፍ፣ ማሳውም ሳይከፋ 13 ኩንታል ወረቀት ላይ ቀረ ማለት ነው። እርጥበቱም አለ፦ 20 ከመቶ እርጥበት የያዘ 100 ኪሎ ሩዝ እስከ 14 ከመቶ ሲደርቅ 93 ኪሎ ይሆናል። ስለዚህ ሚዛኑን አስቀምጬ ወዲያው የማነሳው የእርጥበት መለኪያውን ነው።

የመሬቱ ስፋት ሌላ ጣጣ አለው። ገበሬያችን በጥማድ ይነግረናል፤ በልምድ አራቱን ጥማድ አንድ ሄክታር እንላለን፣ በገመድ ሲለካ ግን አንዱ ጥማድ ከሌላው ይሰፋል። ግብፃዊው በፌዳን ይቆጥራል፤ ፌዳን 4,200 ካሬ ሜትር ነው። «ግብፆች 4 ቶን ያገኛሉ» ሲባል ከኛ ጥሩ ማሳ ብዙም የማይርቅ ይመስላል፤ የፌዳን መሆኑ ታውቆ ወደ ሄክታር ሲመለስ 95 ኩንታል ነው። ይሄኛው ልዩነት እውነተኛ ነው፣ ሊሸፈንም አይገባም። እነሱ በመስኖ፣ ደመና በሌለበት ሰማይ ሥር ያመርታሉ፤ ፎገራ 1,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ሆኖ የክረምቱን ዝናብና የርብና የጉማራ ወንዞችን ሙላት ይጠብቃል።

ዓመቱንም መጠየቅ ያስፈልጋል፤ የኅዳር 2010 አዝመራ በፈረንጆቹ የ2017 ነው።

ከሁሉ የሚቆጨኝ ግን ጓያው ነው። ሩዙ ከተነሳ በኋላ በቀረው እርጥበት ጓያ ይዘራል። በቬትናም የሜኮንግ ደለል በዓመት ሦስት ጊዜ ሩዝ የሚታጨድበት ማሳ አለ፤ አንዱ ሄክታር ሦስት ሆኖ ይቆጠራል። የኛ ሁለተኛ ምርት ሩዝ ስላልሆነ ከሠንጠረዡ ይወጣል፣ ያው ማሳ ቤተሰቡን ሁለቴ መግቦ ሳለ። በበኩሌ ከሩዙ ጎን የጓያውን ኩንታል እጽፋለሁ፤ ቅጹ ቦታ ባይሰጠው እንኳ ከኅዳጉ ላይ።