በአንድ ጉርሻ የምትፈረድ ፒዛ

ሳንቡሳ ገበናው የተሸፈነ ነው። ምስሩ ጨው ቢያንሰው፣ ሽንኩርቱ ቢያር፣ ሊጡ ተጠቅልሎበት ዘይት ውስጥ ይገባል፤ እንግዳው የሚደርስበት ከነከሰው በኋላ ነው። ትንሿ ፒዛ ግን የምትሸሽግበት የላትም። ሊጡ፣ ስልሱ፣ አይቡ፣ የእሳቱ ልክ ሁሉ ከላይ ተዘርግቶ ይታያል። በልደት፣ በምርቃትና በመልስ ዝግጅት ዋናው ማዕድ እስኪቀርብ ከቆሎውና ከፈንዲሻው ጎን በትሪ የምትዞር ይህች ጣሊያን ወለድ መክፈቻ፣ የሠሪዋን ሙያ አንድ ሳታስቀር ታወጣዋለች።

የራያ ቆላ ፒዛን ዘግይቶ ያወቀ አገር ነው። የፒዛዋን ዋና ጥሬ ዕቃ ግን ራሱ ያበቅላል። ከወልድያ በስተሰሜን 50 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ፣ ከዞብል ተራራ በስተምዕራብ በተዘረጋው ሜዳ ላይ የተቀመጠችው ቆቦ በማሽላዋና በጤፏ ትታወቅ እንጂ፣ ከጉድጓድ በሚሳብ ውኃ ሽንኩርትና ቲማቲምም በስፋት ታመርታለች። የቆቦ ጊራና ሸለቆ ልማት ፕሮግራም የተቋቋመውም ይህንኑ የከርሰ ምድር ውኃ ለመስኖ ለማዋል ነው። ማሳው ደጃፍ ላይ ባለበት ከተማ የጣሳ ድልህ ቀብቶ ማቅረብ ሰበብ የሌለው ስንፍና ነውና፣ ቆቦ ላይ ስለ ፒዛ ሲፈረድ ሚዛኑ ጠንከር ይላል።

ጣሊያኖች ትንሿን ፒዛ ፒዜታ ይሏታል። የሮም ዳቦ ቤቶች ቲማቲም ብቻ የተቀባችውን ቀይ ፒዜታ ከዳቦው ጎን ደርድረው ይሸጣሉ፤ ገዢውም ቆሞ፣ ሳትሞቅም ይበላታል። ለትልቋ ፒዛ ደግሞ የተጻፈ ሥርዓት አለ። የእውነተኛ የኔፕልስ ፒዛ ማኅበር እ.ኤ.አ. በ1984 ተመሠረተ፤ የአውሮፓ ኅብረት በ2010 የኔፕልስ ፒዛን በባህላዊ ምርትነት መዘገበ፤ ዩኔስኮ በ2017 የኔፕልስ ፒዛ ጋጋሪዎችን ሙያ በማይዳሰስ ቅርስነት ተቀበለ። በአውሮፓው መዝገብ መሠረት አንዱ የሊጥ ድቡልቡል ከ180 እስከ 250 ግራም ይመዝናል፤ የፒዛው መሐል 4 ሚሊ ሜትር ያህል ይሳሳል፤ ጠርዙ ከ1 እስከ 2 ሴንቲ ሜትር ይነፋል፤ በ485 ዲግሪ ምድጃም ከ60 እስከ 90 ሰከንድ ብቻ ይቆያል።

ይህን ልክ እንዳለ ይዞ ፒዛዋን ማሳነስ የብዙዎች የመጀመሪያ ስህተት ነው። ስፋቷ 30 ሴንቲ ሜትር የሆነ ፒዛ ዙሪያዋን አንድ ሴንቲ ሜትር ተኩል ጠርዝ ቢተውላት፣ 81 በመቶው ገጽታዋ ለስልሱ ይተርፋል። ያው ጠርዝ 6 ሴንቲ ሜትር ስፋት ባላት ፒዜታ ላይ ሲቀር ግን የሚተርፈው ሩቡ ብቻ ነው። እንግዳው የሚበላው ቲማቲም የነካው ዳቦ ይሆናል። ጠርዙ ወደ ግማሽ ሴንቲ ሜትር ሲቀንስ የተቀባው ገጽታ ወደ 69 በመቶ ይመለሳል። ፈራጅ መጀመሪያ የሚያየውም ይህንን ነው፤ ጠርዙ ከጣት ጥፍር ስፋት ካለፈ፣ ሠሪው ትልቋን አሳነሰ እንጂ ትንሿን አልሠራም።

መጠኗም ራሱን የቻለ ፍርድ አለው። ከ6 እስከ 7 ሴንቲ ሜትር የሆነች በአንድ እጅ ተይዛ በሁለት ንክሻ ታልቃለች፤ ሌላው እጅ ብርጭቆ ይይዛል። 10 ሴንቲ ሜትር ከደረሰች ሰሃን ትጠይቃለች፤ ሰሃን የጠየቀች ደግሞ መክፈቻነቷን ትታ ምሳ ሆናለች። አንድ ኪሎ ፉርኖ ዱቄት ከ600 ሚሊ ሊትር ውኃ ጋር ሲቦካ 1.6 ኪሎ ያህል ሊጥ ይወጣዋል። እያንዳንዷ 20 ግራም ብትይዝ 80 ፒዜታ ማለት ነው፤ ለሠላሳ እንግዳ ይበቃል።

ሊጡን ለመፍረድ ከላይ ከማየት ይልቅ መገልበጥ ይሻላል። የጥሩ ፒዜታ ጀርባ እንደ ነብር ገላ ቡናማ ጠቃጠቆ አለበት፤ ሲያንኳኩት ደረቅ ድምፅ ይሰጣል፤ ከጫፏ ሲይዟት አትልፈሰፈስም። ጀርባዋ ነጥቶ ከረጠበ፣ ወይ ምድጃው ሳይግል ገብታለች፣ ወይ ስልሱ ውኃ ሆኖ ወደ ታች ሰርጓል። ከዚያ ለሁለት ትቆረሳለች። ጠርዟ ውስጥ ትልቅና ትንሽ እየሆኑ የተበተኑ ቀዳዳዎች ከታዩ ሊጡ በልኩ አርፏል፤ ውስጧ እንደ ብስኩት ድፍን ከሆነ አላረፈም።

የቆቦ ሙቀት እዚህ ላይ ያስቸግራል። የአውሮፓው መዝገብ ሊጡ በ25 ዲግሪ መጀመሪያ ሁለት ሰዓት፣ ከተድበለበለ በኋላ ደግሞ ከአራት እስከ ስድስት ሰዓት እንዲያርፍ ያዛል። በቆላው በግንቦትና በሰኔ ቀን ይህን የሰዓት ልክ መከተል ሊጡን ማበላሸት ነው፤ እርሾው ይቸኩላል። አልፎ የቦካ ሊጥ በሦስት ነገር ይታወቃል፦ ሽታው ወደ ጠላ ይሄዳል፤ ቅርጹ ይተኛል፤ እርሾው ስኳሩን ስለጨረሰው ምድጃ ውስጥ ቢቆይም አይቀላም። ብልህ ጋጋሪ እርሾውን ይቀንሳል፤ ከእንስራ በተቀዳ ቀዝቃዛ ውኃ ያቦካል፤ ወይም ሌሊት አቡክቶ ማለዳ ይጋግራል።

ቅርጽ አወጣጡም ይመሰክራል። ሊጡን በሰፊው ዳምጦ በብርጭቆ አፍ መቁረጥ ፈጣን ነው፤ ቁራጮቹም እኩል ይሆናሉ። ችግሩ ያለው በቅሪቱ ነው። ተሰብስቦ እንደገና የተዳመጠ ሊጥ ይኮማተራል፤ ሲጋገር ሞላላ ይሆናል፤ ጥርስ ላይም ያስቸግራል። አንድ ትሪ ላይ ሃያ ክብ ፒዜታና አምስት ሞላላ ከታዩ፣ አምስቱ የቅሪት ናቸው። በእጅ እየተድበለበሉ የተጠፈጠፉት ግን ክብነታቸው ቢለያይም ልስላሴያቸው አንድ ነው፤ ፈራጅ ከዓይን ይልቅ ለአፍ ማድላት አለበት።

የአገሬውን ማሽላ ከስንዴው ጋር መቀላቀል የሚሞክሩም አሉ። ማሽላ ሊጥን የሚያያይዘው ግሉተን የለውም፤ ከአምስት አንድ እጅ ያህል ሲገባ ጥሩ ጣዕምና ደህና ቅላት ይሰጣል፤ ሲበዛ ጠርዙ ይሰነጠቃል። ጠርዟ ሳይሰነጠቅ የማሽላው ሽታ ከተሰማ ሠሪዋ ምስጋና ይገባታል።

ስልሱ የቆቦ ሠሪ የሚለይበት ነው። ለሰላጣ የሚመረጠው ትልቁ ቲማቲም ውኃው ስለሚበዛ ለፒዜታ አይሆንም። የሚፈለገው ሥጋው የበዛ፣ ፍሬው ያነሰ፣ ሞላላ ዓይነት ነው፤ ሮማ ቪኤፍ ወይም ከመልካሳ ግብርና ምርምር ማዕከል የወጣው መልካ ሳልሳ ለዚህ ይስማማል። ተልጦ፣ ፍሬው ወጥቶ፣ ማንኪያ ሲሰነጥቀው መንገዱ እስኪታይ ድረስ በዝግታ ይበስላል። ሽንኩርት ይግባ ከተባለ ጥቂት፤ ነጭ ሽንኩርት ግን አይቀርም። በሶብላ ጣሊያኖች ከሚጠቀሙበት ቅጠል ጋር ዝርያው አንድ ነው፤ ጦስኝ ደግሞ የኦሬጋኖን ቦታ በሚገባ ይሸፍናል። በርበሬ ከገባ ምግቡ ሌላ ነው፤ ይጣፍጥ ይሆናል፣ የሚፈረደው ግን በወጥ ሕግ ነው። ጥሩ ስልስ መጀመሪያ ይጣፍጣል፣ ቀጥሎ ይኮመጥጣል። መራራነት ካስከተለ ነጭ ሽንኩርቱ አርሯል፤ የብረት ጣዕም ካስከተለ ከጣሳ የወጣ ነው።

አይብን በተመለከተ ብዙ ገንዘብ የሚባክነው ባለማወቅ ነው። ሞዛሬላ የሚሳበው እርጎው በሙቅ ውኃ ውስጥ እየተለጠጠ ስለሚሠራ ነው። የአገራችን አይብ ግን ከአሬራ በሙቀት የሚወጣ ስለሆነ ምድጃ ውስጥ አይቀልጥም፤ ይደርቃል፣ ይፈረፈራል። ስለዚህ ሁለቱን በአንድ መስፈርት መፍረድ ተገቢ አይደለም። አይብ መግባት ካለበት ፒዜታዋ ከምድጃ ከወጣች በኋላ፣ ከቃሪያና ከጥቂት ዘይት ጋር ይነሰነስባት። ሞዛሬላ ሲሆን ደግሞ ለአንዷ ከ5 እስከ 7 ግራም ይበቃታል። ዘይቱ ከላይ ከቋጠረ ወይ በዝቷል፣ ወይ እሳት ላይ ቆይቷል።

ሥጋ በወሎ ግብዣ የራሱ ሥርዓት አለው። ክርስቲያኑና ሙስሊሙ በአንድ ድንኳን ቢታደሙም ሥጋው የሚታረደውም የሚቀርበውም ለየብቻ ነው። የተፈጨ ሥጋ ያለበትን ፒዜታ ከሌላው ጋር በአንድ ትሪ የቀላቀለ ጋባዥ እንግዳውን ሳይበላ እያየ እንዲቀመጥ ያደርገዋል። ለክርስቲያኑ ረቡዕና ዓርብ፣ በአጽዋማቱም ጊዜ አይቡም ይከለከላል፤ ፍልሰታ ተፈትቶ ነሐሴ 16 የራያ ቆቦ ልጃገረዶች ለሶለል ጨዋታ እስኪወጡ ድረስ አይብ ያለበት ትሪ ግማሹን ታዳሚ አያገለግልም።

«የጾም ፒዛ» እየተባለች የምትናቀው ቀይዋ ፒዜታ ዋጋዋ የሚታወቀው እዚህ ላይ ነው። የአውሮፓው መዝገብ ከሚያውቃቸው ጥቂት ዓይነቶች አንዷ ማሪናራ ናት፤ ቲማቲም፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ኦሬጋኖና ዘይት ብቻ። አይብ የላትም፣ ኖሯትም አያውቅም። ስለዚህ የጾሟ ፒዛ ከጣሊያኑ የተቀነሰች ሳትሆን ከጣሊያኑ አንዷ ናት። ለግብዣም ትመቻለች፦ አይብ ሲበርድ እንደ ጎማ ይደድራል፤ ቲማቲሙ ግን አንድ ሰዓት ቢቆይ ጣዕሙ ይረጋል። የምትሠራት ሴት ግን ፈተናዋ ይከብዳል፤ ያልበሰለ ሊጥና የላላ ስልስ የሚሸፍንላት አይብ የለም።

ምድጃ የሌለው ቤት ከፍርድ አይወጣም። በምጣድ ላይ የሚጋገር ፒዜታ ጀርባው ቶሎ ይቀላል፣ ፊቱ ግን ሳይበስል ይቀራል። ሙያ ያላት ሴት ሊጡን መጀመሪያ በአንድ በኩል አስጋግራ ትገለብጠዋለች፤ በበሰለው ፊት ላይ ቀድሞ የበሰለውን ስልስ ትቀባና አክንባሎ ትደፋበታለች። ጠርዙ ከምድጃው ያነሰ ይነፋል፣ ጀርባው ግን አንዳንዴ ይበልጣል። ዳቦ ቤት ወስዶ ማስጋገርም ይቻላል፤ ሰዓቱ መመረጥ ያለበት ግን ዳቦው እንደወጣ፣ ምድጃው ገና እንደጋለ ነው። ከቀዘቀዘ ምድጃ የምትወጣ ፒዜታ ደርቃ እንጂ ተጋግራ አትወጣም።

ነጥብ መስጠት ካስፈለገ ከ10 አራቱ ለሊጡ፣ ሦስቱ ለስልሱ፣ ሁለቱ ለእሳቱ፣ አንዱ ከላይ ለሚነሰነሰው ሁሉ ይሁን። በዚህ ሚዛን ቀይዋ ፒዜታ አይብ ከተቆለለባት እህቷ በቀላሉ ትበልጣለች፤ ለቆቦ ግብዣም የምትስማማው እሷ ናት። ለድግስ የሚያዝ ሰው ሰማንያውን ከማዘዙ በፊት አንዲቷን ያለ አይብ አስጋግሮ፣ ሩብ ሰዓት አስቀምጦ፣ ጀርባዋን ገልብጦ አይቶ ይቅመስ፤ ያን ጊዜ ካልጣመችው ሌላ ጋጋሪ ይፈልግ።