ዝም አይነቅዝም

ብዙዎቻችን ተዋናይን የምንለካው በጩኸቱ ነው። ጠረጴዛ ከደበደበ፣ ስቅስቅ ብሎ ካለቀሰ “አቤት ችሎታ!” እንላለን። ዝም ብሎ የተቀመጠውን ግን “እሱ ደግሞ ምን ሠራ?” ብለን እናልፈዋለን። ለዚህ አመላችን መልስ የሚሆን አንድ ፈረንሳዊ ነበር፤ ብሩኖ ክሬሜር ይባላል።

እ.ኤ.አ. በ1929 የተወለደው ክሬሜር ፓሪስ ውስጥ ትወናን የተማረው ከእነ ዣን ፖል ቤልሞንዶ ጋር ነው። ቤልሞንዶ ገና በ1960 ስሙ ገነነ። የክሬሜር መንገድ ግን ረጅም ሆነ። በ1965 በ“317ኛው ክፍል” ፊልም፣ ኢንዶቻይና ውስጥ የሚያፈገፍግ ጦር የበታች ሹም ሆኖ ተጫወተ። ፊልሙን የሠራው ፒየር ሾንዶርፈር ራሱ ዲየን ቢየን ፉ ላይ የተማረከ ሰው ነውና ፉከራ አላበዛም። ክሬሜርም አልፎከረም፤ ጦርነት የሰለቸው ሰው እንዴት እንደሚራመድ፣ እንዴት አረፍ እንደሚል ብቻ አሳየ። በ1977 ደግሞ በአሜሪካዊው ዊልያም ፍሪድኪን “ሶርሰረር” ውስጥ ፈንጂ የጫነ መኪና ነዳ። ያም ሆኖ የቤልሞንዶን ዓይነት ዝና አላገኘም።

ዝናው የመጣው ስልሳን ከተሻገረ በኋላ፣ በቴሌቪዥን ነው። ከ1991 እስከ 2005 ድረስ በ54 ክፍሎች የዦርዥ ሲምኖንን ኮሚሳር ሜግሬ ሆነ። እናላችሁ፣ “ትልቁን ተዋናይ ቴሌቪዥን በላው” የሚሉ አይጠፉም። እውነት ለመናገር፣ ከክፍሎቹ አንዳንዶቹ እንቅልፍ ያመጣሉ፤ ዝግታው ልማድ የሚሆንበት ጊዜ አለ። ግን ልብ ብላችሁ እዩት፤ ሜግሬ ተጠርጣሪው ወጥ ቤት ገብቶ ፒፓውን እያጨሰ ሲቀመጥ፣ የሚናዘዘው ሌላው ነው። ዝምታው መስማት ነው። ያንን ደግሞ በአንድ ቀን አላገኘውም፤ ከኢንዶቻይናው ጫካ ጀምሮ ሲያጠራቅመው ኖሯል።

ካላመናችሁ በ2000 የወጣውን የፍራንሷ ኦዞን “ከአሸዋው ሥር” እዩልኝ። ክሬሜር ባል ነው። ገና በፊልሙ መጀመሪያ ሊዋኝ ወደ ባሕሩ እንደሄደ ይጠፋል። ሚስቱ ሻርሎት ራምፕሊንግ ግን ከቤቷ ልታስወጣው አልቻለችም፤ አብሯት እንዳለ ሆና ትኖራለች። እኛም አብረናት እናምናለን። ለምን? በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ያ ከባድ ሰውነት፣ ያ ጥቂት ቃል፣ የዓመታት ትዳር አሳይቶናላ!

“ኮትና ፒፓ ከተሰጠው ማንም ሽማግሌ ሜግሬ ይሆናል” ለሚል ደግሞ አንድ ነገር ልጨምር። በመጨረሻው ክፍል ክሬሜር ታሞ ስለነበር ድምፁን ሌላ ተዋናይ ተካለት። ቃሉን ሌላ ሰው ሊናገርለት ቻለ። እያዳመጠ የተቀመጠው ግን ያው እሱ ነበር።

በ2010 አረፈ። እንግዲህ ዝም ያለ ሰው ስታዩ “ምን ሠራ?” ከማለታችሁ በፊት ጥቂት ቆዩ። ምናልባት ሲሠራ የቆየው እሱ ይሆናል።