«ብቻ» የምትል ቃል፦ ሉተራውያንና የያዕቆብ መልእክት

በመስከረም 1522 (በዚህ ጽሑፍ፣ ተለይቶ ካልተገለጸ በቀር፣ ዓመታቱ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) በቪተንበርግ ታትሞ የወጣው የጀርመንኛ አዲስ ኪዳን ማውጫው ላይ ያልተለመደ ነገር አለው። መጻሕፍቱ ከማቴዎስ ወንጌል ጀምሮ በተራ ቁጥር ይወርዱና 23 ላይ ሲደርሱ ቁጥሩ ይቋረጣል። ከዚያ ባዶ ቦታ ተትቶ ዕብራውያን፣ ያዕቆብ፣ ይሁዳና የዮሐንስ ራእይ ያለ ቁጥር ለብቻቸው ተደርድረዋል። ተርጓሚው ማርቲን ሉተር አራቱን መጻሕፍት ከጥራዙ አላወጣቸውም፤ ከቀሩት ጋርም አላስተካከላቸውም። ያ ባዶ ቦታ አንድም ቃል ሳይጻፍበት ከብዙ ገጽ ሐተታ የማይተናነስ ትርጓሜ ሆኖ ኖሯል።

ሉተራዊ የመጽሐፍ ቅዱስ ትርጓሜ ሲነሣ ቶሎ የሚታወሱት ሮሜና ገላትያ ናቸው። ሉተር ሮሜን በ1515 እና 1516 ለተማሪዎቹ አብራርቷል፤ የገላትያ ሰፊ ሐተታው ደግሞ በ1535 ታትሟል። አንድ የትርጓሜ ወግ ጥንካሬውም ድካሙም የሚገለጠው ግን ከሚከብደው መጽሐፍ ጋር ሲጋፈጥ ነው። ለሉተራውያን ያ መጽሐፍ 5 ምዕራፍና 108 ቁጥር ያለው የያዕቆብ መልእክት ነው።

ሉተር ለመልእክቱ የጻፈው መቅድም በዝና ከሚታወቀው ይልቅ የተመዛዘነ ነው። መጽሐፉ የሰውን ትምህርት ሳይመሠርት የእግዚአብሔርን ሕግ አጥብቆ ስለሚያስተምር ያመሰግነዋል። ቀጥሎ ግን የሐዋርያ ሥራ አድርጎ እንደማይቀበለው ይናገራል፤ ምክንያቱንም ያቀርባል። ያዕቆብ አብርሃም ልጁን ይስሐቅን ባቀረበ ጊዜ በሥራ እንደ ጸደቀ ይጽፋል። ጳውሎስ በሮሜ 4 ከዘፍጥረት 15 ተነሥቶ፣ አብርሃም የጸደቀው ይስሐቅ ከመወለዱ በፊት በእምነቱ እንደ ነበር ያስተምራል። ከዚህም በላይ መልእክቱ ክርስቲያኖችን ሊያስተምር ተነሥቶ ስለ ክርስቶስ ሕማም፣ ትንሣኤና መንፈስ ዝም ይላል። ሉተር ከዚህ ያወጣው መመዘኛ እጅግ ደፋር ነው፦ መጽሐፍን ሐዋርያዊ የሚያሰኘው ክርስቶስን መስበኩ ነው፤ የጸሐፊው ስም ታላቅነት ለብቻው አይበቃም። በአጠቃላዩ የአዲስ ኪዳን መቅድም ላይ ያዕቆብን ከገለባ ጋር ያመሳሰለበት ዐረፍተ ነገር እስከ ዛሬ በየክርክሩ ይጠቀሳል። በኋለኞቹ እትሞች መወገዱን ግን የሚያስታውሱ ጥቂቶች ናቸው።

ጥርጣሬው ከሉተር አልጀመረም። በ4ኛው መቶ ዘመን የቤተ ክርስቲያን ታሪክ ጸሐፊው አውሳብዮስ ያዕቆብን ከሚያከራክሩት መጻሕፍት መካከል ቈጥሮታል። በሉተር ዘመን የነበሩት ኤራስመስና ካርዲናል ካየታንም በጸሐፊው ማንነት ላይ ጥያቄ አንሥተዋል። እነርሱ የጠየቁት «ማን ጻፈው?» ብለው ነበር። ሉተር ግን «ማንን ይሰብካል?» ብሎ ጠየቀ፤ ከዚያ በኋላ የመጣው ሉተራዊ ጥናት ሁሉ ከዚህ ጥያቄ ጋር ሲታገል ኖሯል።

ትግሉ በአንዲት ቃል ላይ ተቋጥሯል። ሮሜ 3፥28 በግሪክኛው ሰው ያለ ሕግ ሥራ በእምነት ይጸድቃል ይላል እንጂ «ብቻ» የሚል ቃል የለውም። ሉተር ሲተረጉም «አላይን»፣ ማለትም «ብቻ»፣ የሚለውን ቃል ጨመረ። ተቃዋሚዎቹ መጽሐፍ በረዘ ብለው ሲነሡበት በ1530 ከኮቡርግ ግንብ ስለ ትርጉም ሥራ ግልጽ ደብዳቤ ጻፈ። መከራከሪያው ከቋንቋ የተወሰደ ነው፦ ጀርመንኛ አንዱን አጽድቆ ሌላውን ሲክድ «ብቻ»ን መጨመር ልማዱ ነው። ምሳሌውም ገበሬ እህል ብቻ እንጂ ገንዘብ አላመጣም የሚል ዐይነት ነው፤ አማርኛ ተናጋሪ ይህን ለመረዳት አስረጂ አያሻውም። ደብዳቤው በሰዋስው ግን አያበቃም። የጳውሎስ ዋና ትምህርት ራሱ ቃሉን ግድ ይላል በማለት ይዘልቃል።

ያዕቆብ 2፥24 ላይ ደግሞ «እምነት» እና «ብቻ» በግሪክኛው አዲስ ኪዳን ጎን ለጎን ቆመው ይገኛሉ። ሁለቱ ቃላት በዚህ መልክ የተገናኙት እዚህ ብቻ ነው፤ የተገናኙትም በአሉታ ነው። ሉተር በሮሜ የሌለውን ቃል የጨመረ ሰው ሆኖ ሳለ፣ በያዕቆብ ያለውን ቃል ሳይቀንስ ሳያለዝብ ተረጎመው። ተርጓሚው ሉተር በመምህሩ ሉተር ላይ መሰከረ ማለት ነው። ስለ ሐቀኝነቱ ብዙ ከተጻፈለት ይልቅ ይህ አንድ ቁጥር የበለጠ ይናገርለታል። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የአማርኛ መጽሐፍ ቅዱስም በሮሜ «ብቻ»ን አልጨመረም፤ በያዕቆብ ግን እንደ ግሪክኛው አስቀምጦታል። ስለዚህ የአማርኛ አንባቢ ሁለቱን ጥቅሶች ሲያነጻጽር የጀርመኑ አንባቢ የሚገጥመው የፊት ለፊት ግጭት አይገጥመውም።

የሥራ ባልደረባው ፊሊፕ ሜላንክቶን ሌላ መንገድ ሄደ። በ1531 ለአውግስቡርግ የእምነት መግለጫ በጻፈው መከላከያ፣ በአንቀጽ 4፣ ያዕቆብ የሚናገረው ቀድሞውኑ በእምነት ስለ ጸደቁና ሕያው እምነታቸው በሥራ ስለሚታይ ሰዎች ነው ሲል አብራራ። ሉተር በዚህ የረካ አይመስልም፤ ተማሪዎቹ በመዘገቡት የማዕድ ወግ ሁለቱን በእውነት ላስታረቀ ሰው የዶክተርነት ቆቡን እንደሚሰጥ ተናግሯል። ሆኖም በ1580 የሉተራውያን መግለጫዎች የስምምነት መጽሐፍ በተባለ አንድ ጥራዝ ሲሰበሰቡ የገባው የሜላንክቶን ንባብ ነው። ያ ጥራዝ ሌላም ልብ የሚባል ነገር አለው። የካቶሊኮች የትሬንት ጉባኤ በ1546 የቅዱሳት መጻሕፍትን ዝርዝር በስም ሲወስን፣ የሉተራውያኑ የስምምነት መጽሐፍ የትኛውንም ዝርዝር አላስቀመጠም። ማርቲን ኬምኒትስ ትሬንትን በመረመረበት ሰፊ ሥራው፣ ጥንት ካከራከሩት መጻሕፍት ብቻ ተነሥቶ ትምህርተ ሃይማኖት መመሥረት እንደማይገባ አስረግጧል። የ1522ቱ ባዶ ቦታ እንደ ተከፈተ ቀረ።

በ17ኛው መቶ ዘመን ዮሐን ጌርሃርድ ጥርጣሬው የሰውን ጸሐፊ እንጂ መለኮታዊውን ሥልጣን አይነካም ብሎ ክፍተቱን ለማጥበብ ሞከረ። ከመቶ ዓመት በላይ ቆይቶ የሃሌው ዮሐን ሳሎሞ ዜምለር መልሶ በረገደው፤ ከ1771 ጀምሮ ባሳተመው የቀኖና ምርምሩ የእያንዳንዱ መጽሐፍ ታሪክ በነጻነት ሊመረመር ይገባል አለ። የዘመናዊው ታሪካዊ ሂስ አንዱ በር በዚህ በኩል ተከፈተ።

ከ20ኛው መቶ ዘመን ሐተታዎች የማርቲን ዲቤሊዩስን የሚያህል ጫና ያሳደረ ማግኘት ይከብዳል። በ1921 በታተመው ሥራው መልእክቱ ምክርና ተግሣጽ የተሰበሰበበት ጽሑፍ መሆኑን፣ አንዱ አባባል ከሌላው ጋር የሚያያዘው ብዙ ጊዜ በቃል መመሳሰል እንጂ በሐሳብ ፍሰት አለመሆኑን አሳየ። ይህ ንባብ ያዕቆብን ከጳውሎስ ችሎት አወጣው፤ ለራሱ ዘመንና ለራሱ የጽሑፍ ዐይነት መለሰው። ዲቤሊዩስ ስለ ድሆችና ባለጠጎች የጻፈው ክፍልም ዛሬ ድረስ ሊነበብ የሚገባው ነው። ጉድለቱ ሐሳብ የለውም ብሎ የጀመረውን መጽሐፍ ሐሳቡን ለመፈለግ አለመድከሙ ነው። በ1987 የቱቢንገኑ ማርቲን ሄንግል በተቃራኒው ጫፍ ቆመ፤ መልእክቱን ስም ሳይጠራ ጳውሎስን የሚተች ረቂቅ ሙግት አድርጎ አነበበው። አንባቢን የሚያነቃ ጽሑፍ ነው፤ ያዕቆብን ግን እንደ ገና በጳውሎስ ጥላ ሥር አስገባው።

ሁለቱም ንባቦች የሉተርን ጥያቄ ሳይመልሱ አልፈውታል። በመልእክቱ ውስጥ የኢየሱስ ክርስቶስ ስም የተጠራው ሁለት ጊዜ ነው፤ በ1፥1 እና በ2፥1። ሉተር ስለ ክርስቶስ የሚነገረውን ቈጥሮ ጥቂት አገኘ። ሳይቈጥር የቀረው ግን ክርስቶስ የተናገረውን ነው። በያዕቆብ 5፥12 የመሐላ ክልከላ ከማቴዎስ 5፥34–37 ጋር ቃል በቃል ለማለት እስኪቻል ይቀራረባል። ድሆች የመንግሥት ወራሾች መሆናቸው፣ ምሕረት ለማያደርግ ምሕረት እንደሌለው፣ ሀብትን ብል እንደሚበላው፣ ቃሉን ሰምቶ አለማድረግ ራስን ማታለል መሆኑ፣ ሁሉም የተራራውን ስብከት ያስተጋባሉ። ያዕቆብ የኢየሱስን ቃል «ጌታ እንዲህ አለ» ሳይል፣ በአንደበቱ እንዳደረ ሰው ይናገረዋል። «ክርስቶስን ይሰብካልን?» የሚለው መመዘኛ ትክክለኛ ነው፤ ሉተር መመዘኛውን በዚህ መጽሐፍ ላይ ሲጠቀም አጠበበው። ምናልባት ከሉተራውያን አንባቢዎች ለዚህ ድምፅ ጆሮውን በይበልጥ የሰጠው የአዲስ ኪዳን መምህር ያልሆነው ሶረን ኪርከጋርድ ነው። ዴንማርካዊው ጸሐፊ በ1851 «ለራስ ምርመራ» ብሎ ባሳተመው ሥራ የያዕቆብን የመስተዋት ምሳሌ መነሻ አደረገ። በሉተር ዘመን ሥራ መመኪያ ሆኖ ስለ ነበር እምነት ወደ ፊት መምጣት ነበረበት፤ በኮፐንሃገን ግን እምነት ርካሽ ስለ ሆነ ያዕቆብ ጥቂት ወደ ፊት ይምጣ አለ። ለሊቃውንቱም አስፈሪ ነገር አስቀመጠላቸው፤ መዝገበ ቃላት አገላብጦ ሲያበቃ ራሱን በመስተዋቱ ያላየ ሰው ገና አላነበበም።

በኢትዮጵያ በኩል ይህ ታሪክ ሁለት ጊዜ ይነካናል። በ1534፣ የሉተር ሙሉ መጽሐፍ ቅዱስ በታተመበት ዓመት፣ አባ ሚካኤል የተባሉ ኢትዮጵያዊ የቤተ ክርስቲያን ሰው ቪተንበርግ ደርሰው ከሉተርና ከሜላንክቶን ጋር ተወያይተዋል፤ ሉተርም የድጋፍ ደብዳቤ ጽፎላቸዋል። የመጡባት ቤተ ክርስቲያን ሃይማኖትና ምግባርን ሳትነጣጥል የምታስተምር ናት፤ ያዕቆብም በሐዲሳት ትርጓሜዋ ከሌሎቹ መልእክታት ጋር አብሮ ይነበባል። ሁለተኛው በ1972 ነው። የኢትዮጵያ ወንጌላዊት ቤተ ክርስቲያን መካነ ኢየሱስ፣ ቄስ ጉዲና ቱምሳ ዋና ጸሐፊዋ ሳሉ፣ ለሉተራን ዓለም ፌዴሬሽንና ለእርዳታ ድርጅቶች አንድ ጽሑፍ ላከች። የምዕራቡ አብያተ ክርስቲያናት ለልማት ገንዘብ ሲሰጡ ለወንጌል ስብከት እጃቸው እንደሚያጥር፣ ይህም ሰውን ለሁለት መክፈል መሆኑን በድፍረት ገለጸች። በያዕቆብ 2 የተራበው ወንድም መልካም ቃል ተሰጥቶት እንጀራ ሳያገኝ ይሸኛል። በ1972ቱ ጽሑፍ ደግሞ እንጀራው ከቃሉ ተለይቶ ይመጣል። ስንጥቁ አንድ ነው፤ የታየበት ጎን ይለያያል። ጽሑፉ በ1974 ናይሮቢ ላይ ለተደረገ ዓለም አቀፍ ምክክር ምክንያት ሆነ። ቄስ ጉዲና በ1979 በደርግ ተገደሉ። የሉተራዊ ትርጓሜ ታሪክ በቱቢንገንና በሃሌ መምህራን ስም ብቻ ሲጻፍ ይህን ገጽ ያጣል።

ጀርመን ውስጥ ለተሐድሶው 500ኛ ዓመት ተሻሽሎ የወጣው የ2017ቱ የሉተር መጽሐፍ ቅዱስ በሮሜ 3፥28 «ብቻ»ን እንደ ያዘ ነው። ያዕቆብም ሉተር በ1522 ካስቀመጠው ቦታ፣ በዕብራውያንና በይሁዳ መካከል፣ አልተንቀሳቀሰም።