የይፋት ጎዳና በባዕድ ካሜራ፦ የቆዩ ፊልሞች ለትምህርት ስለሚሰጡት ጥቅም

ሚያዝያ 18 ቀን 1928 ዓ.ም. ከደሴ የተነሣው የማርሻል ባዶሊዮ ጦር ከ1,500 በላይ ተሽከርካሪዎች አሰልፎ የይፋትን ቆላ በማቋረጥ ወደ ጣርማበር አቀበት ወጣ። ኢትዮጵያውያን በዚያ መንገዱን አፍርሰውት ስለ ነበር ጉዞው ከአንድ ቀን በላይ ተገታ፤ አዲስ አበባ የገባውም ሚያዝያ 27 ቀን ነው። ዘመቻው በጠቅላላው የተከተለው ዛሬ በሸዋ ሮቢት የሚያልፈውን የደሴና የአዲስ አበባ መስመር ነው። ስለዚህ የዚያ ጦርነት ፊልም ለአካባቢው ተማሪ የሩቅ አገር ታሪክ አይደለም።

ፊልሙ ግን የወራሪው ነው። የኢጣልያ መንግሥት የፊልም ድርጅት የነበረው ሉቼ እ.ኤ.አ. በ1936 ያወጣው፣ ኮራዶ ደሪኮ ያዘጋጀው «የጀግኖች ጎዳና» ለዚህ ዐይነተኛ ምሳሌ ነው። በምስል አቀራረቡ የተዋጣለት መሆኑ አይካድም። ይሁን እንጂ ትኩረቱ በመንገድ ሥራ፣ በስንቅ፣ በመኪናና በሕክምና ላይ ስለ ሆነ አገሩን የሚከላከለው ኢትዮጵያዊ ከታሪኩ ተገፍቶ ወጥቷል። የመርዝ ጋዙም አይታይም፤ የኢጣልያ መከላከያ ሚኒስቴር በጋዙ መጠቀሙን በይፋ ያመነው እ.ኤ.አ. በ1996 ነው። እንግዲህ የፊልሙ ጉድለት ካሳየው ይልቅ ከተወው ላይ ይገኛል።

በአገራችን ዘጋቢ ፊልሞች ዘንድ የሚታየው ድክመት እንዲህ ያለውን ምስል ምንጩን ሳይገልጹ ቆርጦ ለተራኪው ድምፅ ማጀቢያ ማድረግ ነው። የ1928ቱን ምስል ለዓድዋ ድል መግለጫ ማዋል ደግሞ ከስሕተትም የከፋ ነው። የሉሚዬር ወንድማማቾች ሲኒማ በፓሪስ ለሕዝብ የታየው ከዓድዋ ጦርነት ሁለት ወር ቀደም ብሎ በመሆኑ የጦርነቱ ፊልም የለም። ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1999 ባቀረበው «ዓድዋ» ክፍተቱን በሥዕል፣ በዘፈንና በአረጋውያን ቃል መሙላቱ የሚመሰገነው ስለዚህ ነው።

የይፋትም ጉዳይ ይህንኑ መንገድ ይጠይቃል። የሉቼ መዝገብ በሮም ይገኛል፤ ዩኔስኮም እ.ኤ.አ. በ2013 በዓለም የመታሰቢያ መዝገብ አስፍሮታል። ከዚያ የሚገኘው እያንዳንዱ ቅጂ ማን፣ መቼ፣ የትና ለምን ዓላማ እንዳነሣው ከሚገልጽ ጽሑፍ ጋር መቀመጥ አለበት። በአንጻሩም መምህራን ከወላጆቻቸው የአርበኝነቱን ዘመን ታሪክ የሰሙትን የአካባቢውን ሽማግሌዎች ቃል ሳይዘገይ ሊቀርጹ ይገባል።

አጠባበቁም ሊታሰብበት የሚገባ ነው። የጥንቱ ናይትሬት ፊልም በቀላሉ በእሳት ይያያዛል፤ ከእርሱ በኋላ የመጣው አሲቴትም፣ የድምፅና የምስል ካሴትም በሙቀትና በርጥበት ይበላሻሉ። በቆላው ሙቀት በትምህርት ቤት ዕቃ ቤት የተከማቸ ቅጂ ዕድሜው አጭር ስለሚሆን፣ የትምህርት ዕቅድ አውጪዎች ሁለተኛው ቅጂ በአዲስ አበባ በወመዘክር እንዲቀመጥ ከወዲሁ ቢያስቡበት ይበጃል። ተማሪው የወራሪውን ምስልና የአገሬውን ቃል ጎን ለጎን አቅርቦ ለመመርመር የሚችለው ሁለቱም ሲጠበቁለት ነው።