ጀበናን አይቶ ስለ መሣል

በጉለሌ፣ በቀጨኔ ሸክላ ሠሪዎች እጅ የሚበጀውን ጀበና የማያውቅ የለም። ይሁን እንጂ ከፊታችን አስቀምጠን ስንሥለው፣ ለዓይናችን ሞላላ የሚታየውን አፉን ድፍን ክብ እናደርገዋለን፤ ወደ እኛ ዞሮ ያጠረውን እጀታም ከጎን እንደሚታይ አድርገን እናስረዝመዋለን። የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ ጻድቁን በሁለት ዓይን፣ ኃጥኡን በአንድ ዓይን ቢሥል ትርጉም ያለው ሥርዓት ነው። የእኛ ግን አለማየት ብቻ ነው። አቶ አለ ፈለገ ሰላም በ1950 ዓ.ም. የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤትን ከመሠረቱ ወዲህ ዕቃን እያዩ መሣል የትምህርት ወግ ሆኗል። ጥቅሙ ግን ለሠዓሊ ብቻ አይመስለኝም፤ የጀበናውን ሠሪ ሳናያት፣ በሰማነው ብቻ «ቡዳ» ያልናት በዚሁ ልማዳችን ነውና።